የሲድኒ እግር ኳስ ለሁለት የተከፈለበት የ1957 የውድድር ዘመን

በመምህራን ማሠልጠኛችን ስለ ስደትና ስለ ሰፈራ ታሪክ ስናስተምር፣ አንድ ቀን ለምሳሌ ያህል የአንድ ሩቅ አገር የኳስ ውድድር ጠቀስን። ከሠልጣኞቻችን አንዱ እጁን አንሥቶ «ኳስ ደግሞ ታሪክ አለው እንዴ?» ሲል ጠየቀን። ክፍሉ ሳቀ፤ እኛም አብረን ሳቅን። ወዲያው ደወል ስለ ተደወለ መልሱን ሳንሰጠው ተለያየን። ይህ ጽሑፍ ለዚያ ሠልጣኝ የዘገየ መልስ ነው። ምናልባትም በየትምህርት ቤቱ ተመሳሳይ ጥያቄ የሚቀርብላቸው ባልደረቦቻችን ይጠቀሙበት ይሆናል።

የምንነግራችሁ በአውስትራልያ፣ በኒው ሳውዝ ዌልስ ክፍለ ሀገር፣ በተለይም በዋና ከተማዋ በሲድኒ ስለ ተካሄደው የ1957 የእግር ኳስ ውድድር ዘመን ነው። ዓመቶቹ ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር የተጻፉ ናቸው፤ 1957 በእኛ 1949 ዓ.ም. መሆኑ ነው። በዚያ አገር ኳስ የሚጫወቱት በብርዱ ወራት ነው። አገሩ ከምድር ወገብ በስተደቡብ በመሆኑ ሰኔ፣ ሐምሌና ነሐሴ ለእነርሱም እንደ እኛው ክረምት ነው። የጂኦግራፊ መምህራን ይህችን ነጥብ ሳይጠቅሙባት ባያልፉ መልካም ነው።

እግር ኳስ ወደ ኒው ሳውዝ ዌልስ የገባው ከእንግሊዝና ከስኮትላንድ በሄዱ ሰዎች ነው። በነሐሴ 1880 ፓራማታ በተባለው ቦታ ዋንደረርስ የሚባል ቡድን ከአንድ ትምህርት ቤት ቡድን ጋር ያደረገው ጨዋታ በክፍለ ሀገሩ የጨዋታው መጀመሪያ ሆኖ ይታወሳል። ከዚያ በኋላ ጨዋታው ሥር የሰደደው በከሰል ማዕድን ሠራተኞች መንደሮች ነበር፤ ይኸውም ከሲድኒ በስተሰሜን በኒውካስል ዙሪያ፣ በስተደቡብ ደግሞ በወሎንጎንግ ዙሪያ። ይሁን እንጂ የአገሩ ሰው ልቡ ሌላ ጋ ነበር። በሲድኒ ሕዝቡ የሚጎርፈው ወደ ራግቢ፣ በሜልቦርን ደግሞ ወደ ራሳቸው ወደ አውስትራልያው ዓይነት የኳስ ጨዋታ ነው። እግር ኳስ እንደ ታናሽ ወንድም በጓሮ በር የሚገባ ጨዋታ ነበር። ሜዳ ሲጠፋ በውሻ እሽቅድምድም ቦታ ሳይቀር ይጫወቱ ነበር፤ የሲድኒው ዌንትወርዝ ፓርክ ለዚህ አንዱ ምስክር ነው።

ይህን ሁኔታ የለወጠው ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት በኋላ የመጣው ስደት ነው። በጦርነቱ ማብቂያ የአውስትራልያ ሕዝብ ብዛት ከሰባት ሚሊዮን እምብዛም አይበልጥም ነበር። መንግሥቱም በጃፓን የመወረር ሥጋት ገና ስላልለቀቀው፣ አገራችንን በሕዝብ ካልሞላናት እናጣታለን የሚል እምነት ያዘ። በ1945 የኢሚግሬሽን ሚኒስቴር አቋቋመና አርተር ካልዌልን የመጀመሪያው ሚኒስትር አድርጎ ሾመ። መጀመሪያ የተፈለጉት እንግሊዛውያን ነበሩ፤ በቂ ሰው ሳይገኝ ሲቀር ግን ዓይናቸውን በጀርመንና በኦስትሪያ የስደተኞች ሰፈር ወደ ተከማቸው ሕዝብ አዞሩ። ከ1947 ጀምሮ በጥቂት ዓመታት ውስጥ ወደ 170,000 የሚጠጉ ቤት አልባ አውሮፓውያን በመርከብ ተጓጉዘው ገቡ። እነዚህ ሰዎች መንግሥት በመደባቸው ቦታ ለሁለት ዓመት ለመሥራት ውል ፈርመዋል። ሐኪሙ የሆስፒታል ዘበኛ፣ መሐንዲሱ የባቡር ሐዲድ ቆፋሪ የሆነበት ጊዜ ነበር። ከዚያም በ1948 ከማልታ፣ በ1951 ከጣልያንና ከሆላንድ፣ በ1952 ከግሪክና ከምዕራብ ጀርመን ጋር ስምምነት ተደረገ። በ1955 ከጦርነቱ ወዲህ የገባው መጤ ቁጥር አንድ ሚሊዮን ደረሰ።

እዚህ ላይ ሳንናገር የማናልፈው ነገር አለ። በሩ የተከፈተው ለአውሮፓውያን ነው። በ1901 የወጣው የኢሚግሬሽን ሕግ ነጭ ያልሆነ ሰው እንዳይገባ የሚከለክል ነበር፤ የዚህ ፖሊሲ ርዝራዥ ፈጽሞ የተወገደው በ1973 ነው። ስለዚህ ስለ መጤዎች መብት በምንናገርበት በዚህ ታሪክ ውስጥ ጥቁሩና እስያዊው በበሩም አልነበሩም። የአገሩ ጥንታዊ ባለቤቶችም በዚያው ዘመን ገና በሕዝብ ቆጠራ ላይ አይቆጠሩም ነበር፤ ይህን የለወጠው የ1967ቱ ሕዝበ ውሳኔ ነው።

የገቡትን ደግሞ «አዲስ አውስትራልያውያን» ይሏቸው ነበር። ስሙ ያምራል። ትእዛዙ ግን አንድ ነው፤ ቋንቋችሁን በቤታችሁ ተዉት፣ ቶሎ እኛን ምሰሉ የሚል ነው። ሳምንቱን በፋብሪካ ጭስ ውስጥ በተሰባበረ እንግሊዝኛ ሲታዘዝ የሚውል ሰው፣ ቅዳሜና እሑድ የት ይሂድ? መጠጥ ቤቱ በጊዜ ይዘጋል፤ ራግቢውን አያውቀውም። ኳስ ግን ያውቃል። በመሆኑም በየከተማው የመጤዎች ክለቦች በቀሉ። በሜልቦርንና በአደሌይድ ጣልያኖቹ ጁቬንቱስ የሚል ስም የያዙ ክለቦች ነበሯቸው። በሲድኒ ከቼኮዝሎቫኪያ የተሰደዱት በ1950 ፕራግን መሠረቱ፤ የጣልያኖቹ አፒያም በ1954 ተቋቋመ። የማልታ፣ የሆላንድ፣ የፖላንድ፣ የግሪክና የዩጎዝላቪያ ሰዎችም እንዲሁ አደረጉ። ክለቡ ኳስ ብቻ አልነበረም፤ ሥራ የሚጠየቅበት፣ ደብዳቤ የሚነበብበት፣ ሚዜ የሚፈለግበት ቦታ ነበር።

ከእነዚህ ሁሉ የእኛን ታሪክ የሚመለከተው ሐኮአ ነው። ሐኮአ በዕብራይስጥ ብርታት ማለት ነው። ስሙ የመጣው ከቪየና ነው። በ1909 በዚያ ከተማ የተመሠረተው የአይሁድ ክለብ ሐኮአ በ1925 የኦስትሪያ ሻምፒዮን እስከ መሆን ደርሶ ነበር፤ በ1938 ናዚዎች ኦስትሪያን ሲይዙ ዘጉት። በሚቀጥለው ዓመት፣ በ1939፣ በሌላኛው የምድር ጫፍ በሲድኒ የሚኖሩ አይሁድ በዚያው ስም ክለብ አቆሙ። የአንድ ክለብ ስም ከአንድ አህጉር ወደ ሌላው እንዴት እንደ ተሰደደ ማየት በራሱ ለአንድ ክፍለ ጊዜ የሚበቃ ትምህርት ይመስለናል።

አሁን ወደ 1956 እንምጣ። የዚያ ዓመት መጨረሻ ለአውስትራልያ የደስታ ጊዜ ነበር። በኅዳር ወር በሜልቦርን የኦሊምፒክ ጨዋታ ተከፈተ፤ አገራችን ኢትዮጵያም በኦሊምፒክ ለመጀመሪያ ጊዜ የተካፈለችው እዚያ ነው። የአውስትራልያ እግር ኳስ ቡድን ጃፓንን 2 ለ 0 ካሸነፈ በኋላ በሕንድ 4 ለ 2 ተሸንፎ ወጣ። በዚያው ሰሞን በሃንጋሪ የተነሣው ዐመፅ በሶቪየት ታንክ ተደምስሶ ወደ 200,000 የሚደርስ ሕዝብ ድንበር እያቋረጠ ይሰደድ ነበር። ከእነዚህም ወደ 14,000 የሚሆኑት በኋላ አውስትራልያ ገብተዋል።

በሲድኒ ግን የኳስ ሰዎች በሌላ ጉዳይ ተጠምደው ነበር። ሐኮአ በ1956 የሁለተኛውን ዲቪዚዮን ውድድር አሸነፈ። ወደ አንደኛ ዲቪዚዮን ማለፍ ይገባዋል ብሎ ሁሉም ጠበቀ። በዘመኑ ጨዋታውን የሚያስተዳድረው የኒው ሳውዝ ዌልስ እግር ኳስ ማኅበር ግን አላሳለፈውም። የማኅበሩ አስተሳሰብ በወረዳ ላይ የተመሠረተ ነበር፤ የአንደኛ ዲቪዚዮን ክለብ የአንድ አካባቢ ወኪል መሆን አለበት፣ የአንድ አገር ተወላጆች ወይም የአንድ ሃይማኖት ተከታዮች ስብስብ መሆን የለበትም የሚል ነው። ደንቡ ሲነበብ ማንንም አይጠላም። ሆኖም አንድ ጊዜ ቆም ብለን እናስብ። መጤ የወረዳ ሰው አይደለም። ሥራ ባገኘበት ያድራል፤ ወገኖቹ በከተማው ሁሉ ተበትነዋል። በወረዳ የተጻፈ ደንብ፣ ወረዳ የሌለውን ሰው ስሙን ሳይጠራ ከውጭ ያስቀረዋል ማለት ነው።

ይህን ስናነብ የራሳችን የተማሪነት ጊዜ ትዝ አለን። በተማርንበት ትምህርት ቤት የማታ ተማሪዎች ቡድን በክፍሎች ውድድር የታችኛውን ምድብ አሸንፎ፣ «የማታ ተማሪ የትምህርት ቤቱን ማልያ ሊለብስ አይችልም» ተብሎ ቀረ። አብዛኞቹ ቀን ጋራዥና ዳቦ ቤት የሚሠሩ ልጆች ነበሩ። እኛ የቀን ተማሪዎች ስለሆንን ዝም አልን፤ እንዲያውም ቦታው ለእኛ ክፍል ስለ ደረሰ ደስ ብሎን ነበር። ዛሬ ሲታወስ ደስ አይልም።

የሐኮአ ሰዎች ግን ዝም አላሉም። በ1957 መባቻ ሐኮአን ጨምሮ በርካታ ክለቦች ከማኅበሩ ወጥተው የኒው ሳውዝ ዌልስ የእግር ኳስ ክለቦች ፌዴሬሽን የተባለ አዲስ ድርጅት አቋቋሙ። አንባቢ ልብ እንዲልልን የምንፈልገው፣ ያፈነገጡት መጤዎቹ ብቻ አለመሆናቸውን ነው። እንደ ካንተርበሪ ያሉ የነባሮቹ የወረዳ ክለቦችም አብረው ወጡ። ለምን? ምክንያቱም ጥያቄው ሁለት ነበር። አንደኛው የመግባት መብት፣ ሁለተኛው ገንዘብ ነው። በአሮጌው ማኅበር ሥር ክለቦቹ በውድድሩ አመራር ላይ ያላቸው ድምፅ ትንሽ ነበር፤ የሚገባው ሕዝብ ሲበዛ ደግሞ የትኬቱ ገንዘብ በማን እጅ ይግባ የሚለው ነገር ያጨቃጭቅ ጀመር። በአዲሱ ፌዴሬሽን ክለቦቹ ራሳቸው ባለቤቶች ሆኑ። ታሪክ ጸሐፊዎች አንዳንድ ጊዜ ነገሩን የመጤና የነባር ጠብ አድርገው ብቻ ይተርኩታል፤ እኛ ግን በሒሳብ መዝገቡ በኩልም መታየት አለበት እንላለን።

ሒሳብ ካነሣን፣ ከኳስ ጋር የማይገናኝ የሚመስል አንድ ሕግ እንጥቀስ። በ1956 የኒው ሳውዝ ዌልስ መንግሥት በተመዘገቡ የመዝናኛ ክለቦች ውስጥ የቁማር መኪና እንዲቆም ፈቀደ። የብረት ሣንቲም የሚጎርሱት እነዚህ መኪናዎች የክለብ ቤት ላላቸው ማኅበራት የማያቋርጥ ገቢ ሆኑ። በኋለኞቹ ዓመታት የአንዳንድ የመጤ ክለቦች ሜዳና የተጫዋቾች ደመወዝ የተከፈለው ከዚህ ገንዘብ ነው። የአባቶች ላብ በልጆች እግር ላይ ዋለ ቢባልም፣ ያ ላብ በቁማር መኪና በኩል ማለፉ የሚያስመሰግን አይደለም።

በዚህ ሁኔታ የ1957 ውድድር ዘመን በአንድ ከተማ ውስጥ በሁለት ማኅበራት ሥር ተካሄደ። አሮጌው ማኅበር ዕውቅናውን እንደ ያዘ የራሱን ውድድር ቀጠለ፤ ፌዴሬሽኑ ደግሞ ሐኮአን፣ ፕራግንና ካንተርበሪን በያዘው አዲስ አንደኛ ዲቪዚዮን ጀመረ። በዚያው ዓመት ሁለት ነገሮች ሆኑ። ከሃንጋሪ የመጡት ስደተኞች ቡዳፔስት የሚባል ክለብ፣ ግሪኮቹም ፓን ሔሌኒክ የሚባል ክለብ መሠረቱ። ሁለተኛው፣ ከቪየና ኤፍ ካ ኦስትሪያ የተባለው ታዋቂ ቡድን ለጉብኝት ጨዋታ መጣ። እስከዚያ ድረስ በሲድኒ የሚታየው ኳስ ረጅም ምትና ግፊያ የበዛበት የእንግሊዝ ዓይነት ነበር። ቪየናዎቹ ግን ኳሷን መሬት ላይ እያንከባለሉ በአጭር ቅብብል ይጫወቱ ነበር። እንግዶቹ አገሩን ወደዱት፤ የሲድኒም ክለቦች እንግዶቹን ወደዱ። በሚቀጥለው ዓመት ሊዮ ባውምጋርትነርና ካርል ያሮስ ተመልሰው መጥተው ለፕራግ ተሰለፉ። ባውምጋርትነር አጭር ሰው ነበር፤ ብልኃቱን አይተው «ትንሹ ፕሮፌሰር» አሉት። ሌሎችም ተከትለው መጡ።

ችግሩ ያለው እዚህ ላይ ነው። ለእነዚህ ተጫዋቾች የዝውውር ክፍያ ለቀድሞ ክለቦቻቸው አልተከፈለም። የሲድኒ ክለቦች ተጫዋቾቹ እንደ ማንኛውም ስደተኛ በፈቃዳቸው መጡ ይሉ ነበር፤ ኦስትሪያውያን ግን ተዘረፍን ብለው ለዓለም አቀፉ የእግር ኳስ ፌዴሬሽን፣ ለፊፋ፣ አቤት አሉ። ፊፋ የሚያውቀው አሮጌውን ማኅበር ነው፤ አሮጌው ማኅበር ደግሞ ከሥሩ የወጡትን ክለቦች ሊያዝዛቸው አይችልም። በመጨረሻ በ1960 አውስትራልያ ከዓለም አቀፍ ጨዋታ ታገደች። እዚህ ላይ ፌዴሬሽኑን ነጻ አናወጣውም። የመግባት መብት ተነፈግን ብሎ የተነሣ ወገን የሌላውን ክለብ መብት ሲረግጥ፣ ቅጣቱ በጉዳዩ ለሌሉት ወጣት ተጫዋቾች ደረሰ። የአውስትራልያ ብሔራዊ ቡድን ከ1958 በኋላ እስከ 1965 ድረስ አንድም ይፋዊ ዓለም አቀፍ ግጥሚያ አላደረገም። ሰባት ዓመት ለአንድ ተጫዋች ሙሉ ዕድሜው ነው።

በአገር ውስጥ ግን ጨዋታው ደመቀ። የሲድኒውን አርአያ ተከትሎ በሌሎቹም ክፍለ ሀገሮች ፌዴሬሽኖች ተቋቋሙ፤ በ1961 ሁሉም ተሰባስበው የአውስትራልያ እግር ኳስ ፌዴሬሽንን መሠረቱ። በ1962 በመላው አገር ደረጃ የአውስትራልያ ዋንጫ ውድድር ተጀመረ፤ በመጀመሪያው ፍጻሜ የዩጎዝላቪያ ሰዎች ክለብ ዩጋል ቡዳፔስትን 8 ለ 1 አሸነፈ። በ1963 ካሳው ተከፍሎ አዲሱ ፌዴሬሽን በፊፋ ዘንድ ዕውቅና አገኘና እገዳው ተነሣ። ከስድስት ዓመት በፊት አፈንጋጭ ይባሉ የነበሩት ሕጋዊ ሆኑ፤ አሮጌው ማኅበር ከመድረኩ ወረደ።

እገዳው ከተነሣ በኋላ የመጣው የመጀመሪያው ትልቅ ግጥሚያ እኛንም አፍሪካውያንን ይነካል። ለ1966 የዓለም ዋንጫ ፊፋ ለአፍሪካና ለእስያ ያዘጋጀው ቦታ አንድ ብቻ ነበር። ይህን በመቃወም የአፍሪካ አገሮች ከማጣሪያው በአንድነት ወጡ፤ በዚህ ትግል ከጋናው ኦሄኔ ጃን ጋር ግንባር ቀደም የነበሩት በ1957 በካርቱም የተመሠረተው የአፍሪካ እግር ኳስ ኮንፌዴሬሽን መሥራች የእኛው አቶ ይድነቃቸው ተሰማ ናቸው። ደቡብ አፍሪካ በዘር መድልዎዋ ታግዳለች፤ ደቡብ ኮሪያም ወጣች። የቀሩት ሰሜን ኮሪያና አውስትራልያ ብቻ ሆኑ። ሁለቱ በኅዳር 1965 በካምቦዲያ ዋና ከተማ በፕኖም ፔን ተገናኙ። ሰባት ዓመት ያልተጫወተው የአውስትራልያ ቡድን በመጀመሪያው ቀን 6 ለ 1፣ በሁለተኛው 3 ለ 1 ተሸነፈ። አፍሪካ ግን በትግሏ ለ1970 ዋንጫ የራሷን ቦታ አገኘች። የመግባት ጥያቄ በሲድኒ የወረዳ ሜዳም፣ በዓለም ዋንጫም በአንድ ዘመን ተነሥቷል ማለት ነው።

የመጤ ክለቦች ሰውን ከሰው ይለያሉ የሚለው ክስ ለብዙ ዓመት አልቆመም። ክሱ መሠረት የለውም አንልም። የትውልድ አገር ጠብ በሜዳ ላይ ይነሣ ነበር፤ በተለይ በክሮአቶችና በሰርቦች መካከል የነበረው ቂም ብዙ ግጭት አስከትሏል። በ1972 በሜልቦርን የክሮአቶቹ ክለብ ከቪክቶሪያ ውድድር እስከ መባረር ደርሷል። ይሁን እንጂ ሌላውን ገጽ እንመልከት። ጆኒ ዋረን በ1943 በሲድኒ የተወለደ የነባሮቹ ልጅ ነው። በወጣትነቱ በካንተርበሪ ተጫውቶ በ1963 ወደ ሃንጋሪዎቹ ክለብ ገባና እስከ 1974 እዚያው ቆየ። ክለቡ በዚያ መካከል ቅዱስ ጊዮርጊስ ቡዳፔስት ተብሏል፤ የእኛውን ጊዮርጊስ ያስታወሰ አንባቢ እንዳይሳሳት፣ እዚያ ስሙ የሲድኒ አንድ አካባቢ መጠሪያ ነው። ሃንጋሪዎቹ የወረዳውን ስም ከአገራቸው ዋና ከተማ ስም ጋር አጣመሩት፤ ወረዳ የላችሁም ለተባሉ ሰዎች ጥሩ መልስ ይመስለናል። ዋረን ከሃንጋሪዎቹ ጋር አድጎ የአውስትራልያ ብሔራዊ ቡድን አምበል ሆነ።

በ1974 አውስትራልያ ለመጀመሪያ ጊዜ ለዓለም ዋንጫ አልፋ ወደ ምዕራብ ጀርመን ስትሄድ በቡድኑ ውስጥ ከዋረን ጋር አቲላ አቦኒና ማንፍሬድ ሼፈር ነበሩ። አቦኒ ቡዳፔስት የተወለደና ከሃንጋሪው ዐመፅ በኋላ በልጅነቱ የመጣ ነው። ሼፈር ጀርመን ተወልዶ በልጅነቱ የተሰደደ ሲሆን በየቤቱ ወተት እያደለ የሚተዳደር ሰው ነበር። አሠልጣኙ ራሌ ራሺች የዩጎዝላቪያ ተወላጅ ነበር። በምሥራቅ ጀርመን 2 ለ 0፣ በምዕራብ ጀርመን 3 ለ 0 ተሸነፉ፤ ከቺሊ ጋር ያለ ግብ ተለያዩ። ወተት አዳዩ በትውልድ አገሩ የዓለም ሻምፒዮን ከሆነው ቡድን ጋር ተሰልፎ ተጫወተ።

ሐኮአስ? በ1977 የአውስትራልያ አገር አቀፍ የእግር ኳስ ሊግ ሲጀመር፣ ክለቦቹ የትውልድ አገር ስማቸውን እንዲተዉ ይጠየቁ ነበር። ሐኮአም ኢስተርን ሰበርብስ በሚል የሰፈር ስም ገባና የመጀመሪያውን ሻምፒዮና ወሰደ። ከሃያ ዓመት በፊት ወረዳ የለህም ተብሎ ከክፍለ ሀገሩ አንደኛ ዲቪዚዮን የቀረው ክለብ የወረዳ ስም ይዞ የመላው አገር አንደኛ ሆነ። በኋላም ሲድኒ ሲቲ ተብሎ ብዙ ዋንጫ ወሰደ። ይሁን እንጂ ስሙ ከተቀየረ ወዲህ ተመልካቹ እያነሰ ሄደ፤ በ1987 የውድድር ዘመን አንድ ዙር ብቻ ተጫውቶ ከሊጉ ወጣ።